ቡጢው አርፏል ወይስ ጓንት ላይ ቀርቷል?

የቦክስ ግጥሚያ ማስተላለፍ የምትመኙ ወጣቶች ምክር ስትጠይቁኝ ጥያቄያችሁ አብዛኛውን ጊዜ ስለ ድምፅ ነው። እንዴት ይጎርናል? ሳይሰነጠቅስ እንዴት 12 ዙር ይዘልቃል? ጉሮሮ በልምምድ ይገራል። እኔን የሚያሳስበኝ ዓይናችሁ ነው።

ከመድረኩ ሥር ስትቀመጡ ሕዝቡ ከጀርባችሁ ይጮኻል። የሚወደው ተፋላሚ በሰነዘረ ቁጥር አዳራሹ ይናወጣል፤ ቡጢው ግን የተቃራኒው ጓንት ላይ ቀርቶ ሊሆን ይችላል። በዚያው ቅጽበት ሌላው ቦክሰኛ ከጎድን አጥንት በታች ያሳረፋት አጭር ቡጢ ጩኸት አታስነሳም። ከሦስት ዙር በኋላ እግር የሚያስከዳው ግን እሷ ናት። እኔ በየዙሩ ጥቂት ሰከንዶች ሕዝቡ የማይደግፈውን ሰው ብቻ እከታተላለሁ፤ እናንተም ሞክሩት።

ዙሩ እንዳለቀ፣ ባልደረባችሁ አፉን ሳይከፍት፣ ነጥባችሁን ወረቀት ላይ አስፍሩ፤ 10 ለበለጠው፣ ብዙውን ጊዜ 9 ለተበለጠው። ከዳኞቹ ጋር ባይገጥም አትደንግጡ። እ.ኤ.አ. በ1987 ሹገር ሬይ ሊናርድና ማርቪን ሃግለር ሲፋለሙ አንዱ ዳኛ 115 ለ113 ለሃግለር ሲሰጥ፣ ሌላው 118 ለ110 ለሊናርድ ሰጥቷል። ሁለቱም ያዩት ያንኑ ግጥሚያ ነው! «ተዘረፈ!» የሚል አስተላላፊ በሰማሁ ቁጥር ነጥብ የጻፈበትን ወረቀት ባሳየኝ እላለሁ። አብዛኛውን ጊዜ ወረቀት የለውም።

አሸናፊውንም አስቀድማችሁ አታውጁ። እ.ኤ.አ. በ1941፣ 15 ዙር በተያዘለት ግጥሚያ፣ ቢሊ ኮን ጆ ሉዊስን እስከ 12ኛው ዙር በሁለት ዳኞች ነጥብ ሲመራ ቆይቶ በ13ኛው በዝረራ ተሸንፏል።

በሬዲዮ ብዙ ተናገሩ፤ አድማጩ ከእናንተ በቀር ዓይን የለውም። በቴሌቪዥን ግን ሰውየው ያየውን መልሳችሁ አትንገሩት።

የቀረው ከባዱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1962 ቤኒ ፓሬት በኤሚል ግሪፊዝ ተደብድቦ ራሱን ሲስት ግጥሚያው በቴሌቪዥን በቀጥታ እየተላለፈ ነበር፤ ከ10 ቀናት በኋላ አረፈ። ቦክሰኛ ወድቆ መነሳት ሲያቅተው የምታዩትን ብቻ ተናገሩ፤ ሐኪሙ ገብቷል፣ ቃሬዛ እየመጣ ነው። «ደህና ነው» አትበሉ፣ «አበቃለት»ም አትበሉ። እናቱ እየሰማቻችሁ ሊሆን ይችላል።

ይህን ሥራ መቀጠል ይገባል ወይ የሚለው ጥያቄም አይቀርላችሁም። አሜሪካዊው የስፖርት አስተላላፊ ሃዋርድ ኮሴል እ.ኤ.አ. በ1982 ላሪ ሆምስ ራንዳል ኮብን 15 ዙር ሙሉ ሲደበድብ ካስተላለፈ በኋላ የፕሮፌሽናል ቦክስን ማስተላለፍ ትቷል። አልፈርድበትም። እኔ አልተውኩም፤ ስፖርቱን ስለምወደው ነው እንጂ ሌላ ያማረ ምክንያት የለኝም።