የስሪላንካ ታሚሎች ለምን በቋንቋቸው ዜና ይከታተላሉ?

ወዳጄ፣ ቶሮንቶና ለንደን ያሉ የስሪላንካ ታሚሎች እንግሊዝኛ እየቻሉ ለምን የታሚልኛ ድረ ገጽ እንደሚከፍቱ ጠይቀሃል። ነገሩ ከዜና ያልፋል። ብዙዎቹ አገራቸውን የለቀቁት በፈረንጆቹ 1983 ከደረሰባቸው ጭፍጨፋ በኋላ ነው። በመንግሥትና በታሚል ታጣቂዎች መካከል የነበረው ጦርነት በ2009 እስኪያበቃ፣ በሰሜን ስሪላንካዋ የታሚሎች ከተማ ጃፍና የቀረ ዘመድ በሕይወት መኖሩን ማወቅ ራሱ ጭንቅ ነበር። በ1997 የተጀመረው ታሚልኔት የተባለው የዜና ድረ ገጽ፣ በእንግሊዝኛ ቢጽፍም፣ ያን ክፍተት ሞላ። ከአዘጋጆቹ አንዱ የነበረው ዳርመረትናም ሲቫራም በ2005 ኮሎምቦ ላይ ታፍኖ ተገደለ። ገጹም በ2007 ስሪላንካ ውስጥ ተዘጋ። እንዲህ ዋጋ የተከፈለበት ሚዲያ ከሰው ልብ አይወጣም።

እኔን ከሁሉ በላይ የሚነካኝ ግን የታሚልኛ ገጾቹ የሐዘን ማስታወቂያ ነው። የሟቹ ፎቶ ይወጣል። ከሥሩ የተወለደበት መንደር፣ ቀጥሎ የኖረባቸው አገሮች ይጻፋሉ። ከዚያ ልጆቹ፦ አንዱ ካናዳ፣ አንዷ ፈረንሳይ፣ ሌላው ስዊዘርላንድ። የተበተነ ቤተሰብ አንድ ገጽ ላይ ይሰበሰባል። መንደሩን ረግጦት የማያውቅ የልጅ ልጅም ስሙን እዚያ ያገኘዋል።

ስለ ወጣቶቹ ያልከው ልክ ነው፤ ታሚልኛ እየሰሙ ማንበቡ የሚከብዳቸው አሉ። ለእነሱ ለንደን የሚዘጋጀው ታሚል ጋርዲያን የተባለ የዜና ገጽ በእንግሊዝኛ አለላቸው።