«ይመታል» ብላ ብትነግረው ይሳሳታል?

ጥያቄ፦ ባሕር ዳር ሆኜ ልብ ወለድ እየጻፍሁ ነው። አንዷ ገጸ ባሕርዬ በሰው ዙሪያ ባለቀለም ብርሃን፣ «ኦራ» የሚሉትን፣ አያለሁ ትላለች። ለአንድ ጀልባ ነጂ «ልጅህ ይመታል» ትለዋለች። ልጁ ሰው እንደሚመታ መናገሯ ነው፤ አባት ግን ልጄን ሊመቱት ነው ብሎ ይደነግጣል። ቋንቋው ይፈቅዳል?

መልስ፦ ወረቀት ላይ ይፈቅዳል፤ ጆሮ ላይ ግን አይፈቅድም። ፊደላችን መጥበቅና መላላትን ስለማያሳይ አንባቢ «ይመታል»ን በሁለቱም መንገድ ሊያነበው ይችላል። አባትየው ግን የሚሰማ እንጂ የሚያነብ አይደለም። «መ» እና «ታ» ከጠበቁ ልጁ ተመቺ ነው፣ ከላሉ መቺ ነው፤ በአማርኛ አፉን የፈታ ሰው ይህን አይስትም። በስልክ መልእክት ጽፋ ከላከችለት ያስኬዳል።

ፊት ለፊት መነጋገራቸው ግድ ከሆነ ግን በአፍም የሚያሻማ ግሥ ይፈልጉ። እኔ ብሆን አሉታውን እመርጣለሁ። «ትመለሳለህ» እና «ትመለሳለች» ይለያያሉ፤ «አትመለስም» ግን ለአንተም ለእሷም አንድ ነው፣ ቢያጠብቁትም ቢያላሉትም አይለይም። ሰውዬው ሚስቱን አሳፍሮ ወደ ዘጌ ሊሻገር ሲል አዋቂዋ «ከዘጌ አትመለስም» ትበለው። እሱ ለራሱ ይሰጋል፤ እሷ ያየችው የሚስቲቱን ብርሃን ነው። (ቃሉን ለሚስቲቱ ብትነግራት «አትመለሺም» ስለሚሆን ብልሃቱ ይከሽፋል።)

ቦታውንም ይጠንቀቁ። «ከደጋ እስጢፋኖስ አትመለስም» ካለች ጣና ዳር ላደገ አንባቢ ትርጉሙ አንድ ብቻ ነው፤ ደሴቱ ሴት አይገባበትማ!

ጀልባ ነጂው ሽማግሌ ቢሆን ደግሞ የበለጠ ያምራል። በአክብሮት «አይመለሱም» ስትላቸው እርስዎም፣ እሳቸውም፣ እነሱም ሊሆን ነው። ከአንድ ግሥ ሦስት ትርጉም ማግኘት ለልብ ወለድ ጸሐፊ ሲሳይ ነው። ብቻ በእውነተኛ ንግግር ሰው ግራ ሲገባው «ማን?» ብሎ ይጠይቃል። ገጸ ባሕርይዎ ያልጠየቀበትን ምክንያት ይስጡት፤ ሞተሩ ይነሣ፣ ተሳፋሪው ይጩኽ፣ ወይም መልሱን መስማት ይፍራ። የመጨረሻው ይበልጥብኛል። ተራኪው መሐል ገብቶ «ግሡ አሻሚ ነበር» ካለ ግን ልብ ወለዱ ሰዋስው ሆነ ማለት ነው።

ስለ «ኦራ» አልጠየቁኝም፤ ቢሆንም እንዳለ ይተዉት። «አውራ» ብለው ከጻፉት አንባቢ ዶሮ ይታየዋል። «አክሊለ ብርሃን»ም አይሆንም፤ እሱ በዑራ ኪዳነ ምሕረት ግድግዳ ላይ በቅዱሳን ራስ ዙሪያ የተሣለው ነው፤ የእርስዎ አዋቂ የምታየው ብርሃን ግን ጻድቁም ሌባውም አለው፣ እንደ ስሜታቸውም ቀለሙን ይለውጣል።