ጥያቄና መልስ፦ ረግረግ ውስጥ ስለሚያብበው ኦርኪድ

ሰላም የጎንደር አበባ ወዳጆች። ዛሬ ማታ ስለ ኦርኪድ የፈለጋችሁትን ጠይቁ። እኔ በተለይ የምወደው የረግረጉን ነው፣ ዩሎፊያ ሆርስፎሊ የሚባለውን። አንድ ነገር አስቀድሜ ልበል፦ ከዱር ነቅላችሁ አታምጡ።

የአዘዞ ልጅ፦ ጋሼ፣ ጎርጎራ ሐይቁ ዳር ሐምራዊ አበባ አይቼ ነበር። እሱ ይሆን?

መልስ፦ ያለ ፎቶ ምንም ልልህ አልችልም። ዩሎፊያው ምን እንደሚመስል ግን ልንገርህ። በሞቃታማው አፍሪካ ረግረግና ወንዝ ዳር ነው የሚበቅለው። ቅጠሉ ረጅም ነው፣ ከላይ እስከ ታች እንደ ሽንሽን ቀሚስ የታጠፈ። የአበባው አገዳ እስከ 3 ሜትር ሊመዘዝ ስለሚችል አንጋጠህ ነው የምታየው። ጠጋ ብለህ አበባውን ካየኸው፣ በግራና በቀኝ ያሉት ሁለቱ የአበባ ቅጠሎች ሰፋፊና ፈዘዝ ያሉ ሐምራዊ ናቸው። ከኋላ ያሉት ሦስቱ ጠበብ፣ ጠቆር ብለው ወደ ኋላ ተቀልብሰዋል። የሚደንቀኝ ደግሞ ይሄ ሁሉ ውበት ጠብታ የአበባ ማር የለውም! ትልልቅ ንቦች ማር ያገኙ መስሏቸው ይገባሉ፣ እንደ ሙጫ የተጣበቀ የብናኝ ጥቅል ተሸክመው ይወጣሉ፣ ሌላው አበባ ላይ እንደገና ሲታለሉ እዚያ ያራግፉታል።

የማራኪዋ፦ እምቦጭም ኦርኪድ ነው ይባላል። አበባው ያምራል እኮ።

መልስ፦ አይደለም። እምቦጭ ከደቡብ አሜሪካ የመጣ፣ ከኦርኪድ ጋር የማይዛመድ ተክል ነው። የቅጠሉን አንገት ጭመቂው፣ አየር የሞላው ስፖንጅ ነው። ውሃ ላይ ይንሳፈፋል።

የደንቢያው፦ ያምራል አትበይ እህቴ። እኛ በእጃችን ስንነቅለው ከርመናል፣ ታንኳ እንኳ አላሳልፍ ብሎን።

የማራኪዋ፦ ክፉ አስቤ አይደለም ወንድሜ። ግን ጥፋቱ የእምቦጭ ብቻ ነው? ጨፌውን አጠንፍፎ ያረሰውስ?

የደንቢያው፦ ልጆች ምን ይብሉ ታዲያ? መሬት የለንም እኮ!

መልስ፦ ሁለታችሁም እውነት አላችሁ፣ ይሄ ግን ራሱን የቻለ ቀን ይፈልጋል። ጨፌው ከደረቀ ደንገሉም ኦርኪዱም አብረው ነው የሚሄዱት። ወደ ጥያቄያችን እንመለስ።

ሀና፦ ቤት ያለው ኦርኪዴ ቢጫ ሆነብኝ፣ ምን ላድርግ?

መልስ፦ የትኛው ኦርኪድ? በስንት ቀኑ ታጠጪዋለሽ? ሥሩስ ምን ይመስላል? ይሄን ሳትነግሪኝ ምን ልበልሽ?

የአዘዞ ልጅ፦ ከረግረጉ አንድ ግንድ ብቻ ብወስድስ? ግቢዬ ውስጥ ውሃ አለ።

መልስ፦ አይሆንም አልኩ እኮ። ምክንያቱን ስማ። የኦርኪድ ዘር እንደ አቧራ የደቀቀ ነው። ባቄላ ስንቁን ይዞ ነው የሚበቅለው፣ የኦርኪድ ዘር ግን ስንቅ የለውም። አፈር ውስጥ ያለ ፈንገስ ካልመገበው በዱር አይበቅልም። ካደገም በኋላ ብዙው ኦርኪድ ከዚሁ ፈንገስ ጋር ይኖራል። አንተ ግንዱን ስትወስድ አፈሩም፣ ውሃው ከፍ ዝቅ የሚልበት ወቅትም፣ ንቦቹም እዚያው ይቀራሉ። ጎንደር ደግሞ ከ2,000 ሜትር በላይ ነው፣ የሌሊቱ ብርድ ሊከብደው ይችላል። ሕጉም አለ። የዱር እንስሳትና ዕፅዋት ንግድን የሚቆጣጠረው ሳይቲስ ኦርኪዶችን በሙሉ መዝግቧል፣ ኢትዮጵያም ከ1989 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አባል ናት። ያለ ፈቃድ ድንበር ማሻገር አይቻልም።

አስቴር፦ ለመድኃኒት ይሆናል?

መልስ፦ ስለ መድኃኒት አልመልስም። ይሄን ግን እወቁ፦ ዛምቢያ ውስጥ የመሬት ኦርኪዶችን እንደ ድንች ያበጠ ሥር ቆፍረው ቺካንዳ የሚባል ምግብ ይሠራሉ። ገበያው ሲደራ ኦርኪዱ ከየሜዳው እየጠፋ መጣ።

አዲስ ገቢ፦ ሰላም፣ ከዱር ማምጣት ይቻላል?

መልስ፦ ከላይ ያለውን አንብብ ወንድሜ። አይነቀልም።

የደንቢያው፦ እሺ ጋሼ፣ ባገኘው ምን ላድርግ?

መልስ፦ ይሄ ነው ጥያቄ! አበባውን ከፊትና ከጎን አንሳው፣ ቅጠሉንም ከነታችኛው ክፍል። መጠኑ እንዲታወቅ እጅህን አጠገቡ አድርግ። ዙሪያውን አትርገጥ። ፎቶውን እዚህ ለጥፍ፣ ቦታውን ግን በውስጥ መስመር ለእኔ ብቻ ላክልኝ። እዚህ ከጻፍከው ነቃዮችም ያነቡታል።