ሦስት ትዕይንት ብቻ ለተሰጣት ልጅ

ባለፈው ሰሞን አንዲት ወጣት ተዋናይት ጻፈችልኝ። በአንድ ተከታታይ ድራማ ላይ የፋርማሲ ሠራተኛ ሆና እንድትሠራ ተጠይቃለች። ሚናዋ ሦስት ትዕይንት ነው። አክተሩ መድኃኒት ሊገዛ ይመጣል፤ ትሸጥለታለች፤ ይሄዳል። «ጋሼ፣ እስካሁን አስተናጋጅ፣ ጎረቤት፣ ነርስ ብቻ ነው የሆንኩት። ይሄንንም ከተቀበልኩ በዚሁ መቅረቴ አይደለም ወይ?» ትላለች።

በሁለት መስመር ልመልስላት ብዬ ተቀመጥኩ። አልሆነም። ጥያቄዋ ተዳፍኖ የቆየ ነገር ቀሰቀሰብኝ። መልሱም ረዘመ። ሌሎቻችሁም ብታነቡት አይከፋም ብዬ እዚህ አወጣሁት። ሰዓት ስለማክበርና ቃለ ተውኔት ስለማጥናት አልነግራችሁም። ይሄን ለማወቅ ምክር የሚያስፈልገው ሰው ሌላ ሥራ ቢፈልግ ይሻለዋል።

የምነግራችሁ ስለ አንድ የዌልስ ሰው ነው። ዴዝመንድ ለዌሊን ይባላል። ስሙን ላታውቁት ትችላላችሁ። ፊቱን ግን ብዙዎቻችሁ አይታችሁታል። በጄምስ ቦንድ ፊልሞች ላይ መኪናውን፣ ሰዓቱን፣ እስክሪብቶውን እያሳየ ቦንድን እንደ ባለጌ የእህት ልጅ የሚቆጣው ሽማግሌ ነው። «ኪው» የሚሉት፤ ለሰላዩ ቦንድ መሣሪያ የሚሠራለት።

እኔ መጀመሪያ ያየሁት በንጉሡ ዘመን ማብቂያ አካባቢ፣ ፒያሳ ካሉት ሲኒማ ቤቶች በአንዱ ነው። የወሰዱኝ የቴአትር ቤታችን አንጋፋ ተዋናይ ነበሩ። ስማቸውን አልጽፍም፤ ልጆቻቸው ባይወዱትስ። ጋሼ ልበላቸው። ጋሼ ዋና ገጸ ባሕርይ ሆነው አያውቁም። ዘበኛ፣ መልእክተኛ፣ ዳኛ፣ የሙሽራ አባት፣ እንደገና ዘበኛ። እኔ ያኔ መጋረጃ የምስብ፣ በትዕይንት መሀል ወንበር የማመላልስ ልጅ ነበርኩ።

ፊልሙ «ጎልድፊንገር» ነበር። አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። አክተሩ በመጣ ቁጥር ሕዝቡ ያፏጫል፣ ያጨበጭባል። ጋሼ ዝም። ከዚያ ኪው መጣ። ክንዴን ያዝ አደረጉና «አሁን እይ» አሉኝ። አየሁ። አንድ ሰውዬ መኪና ያሳያል። ይሄን ሲጫኑት እንዲህ ይሆናል፣ ያንን ሲጫኑት እንዲያ ይሆናል ይላል። ትዕይንቱ አለቀ። ጋሼ ኮፍያቸውን አነሱና ብድግ ብለው ወጡ።

ፊልሙ ገና መጀመሩ ነበር! እኔ የወርቁ ነገር ምን እንደሚሆን ለማወቅ ልቤ ተሰቅሏል። ግን የጋበዘህን ትልቅ ሰው ብቻውን መልቀቅ ነውር ነው። እየተነጫነጭኩ ተከትዬ ወጣሁ። ያንን ፊልም እስከ መጨረሻው ያየሁት ከስንት ዘመን በኋላ፣ በሰው አገር፣ በቴሌቪዥን ነው።

ጋሼ ማኪያቶ አዘዙልኝ። ለራሳቸው ሻይ። እሳቸው ማኪያቶ የልጅ መጠጥ ነው ይሉ ነበር።

«ምን አየህ?» አሉኝ።

«መኪና» አልኩ።

ሳቁብኝ። «ሰውየውስ? እኛ ሁላችን ለአክተሩ እናጨበጭባለን። እሱ ተናዶበታል። ለምን መሰለህ? ሥራ ላይ ነበር፣ መጥቶ አቋረጠው። ደግሞ የሠራለትን ዕቃ ሁሉ ሰባብሮ የሚመልስ ሰው ነው። አንተ ብትሆን አትናደድም?»

ከዚያ ስለ ራሳቸው ነገሩኝ። በዚያ ሰሞን በምንሠራው ቴአትር ላይ የቤተ መንግሥት ዘበኛ ነበሩ። ቃል የላቸውም። ጦር ይዘው ይቆማሉ፤ ንጉሡ ያልፋል። «እኔ እዚያ የቆምኩት ንጉሡ እንዲያልፍ አይደለም» አሉ። «ከሌሊት ጀምሬ ቆሜ እግሬ አብጧል። የሚቀይረኝ ሰው ዘግይቷል። መጥቶ እንደሆነ በዓይኔ እየፈለግሁ ነው። ንጉሡ በመሀል ነው የመጣብኝ።»

በማግስቱ ከመጋረጃው ጀርባ ሆኜ እግራቸውን አየሁ። እውነትም ክብደታቸውን ቀስ እያሉ ከአንዱ እግር ወደ ሌላው ያዞራሉ። በጣም ትንሽ ነገር ናት። ተመልካቹ ግን ዓይኑ እዚያ ይሄድ ነበር። ንጉሡን የሚጫወተው ባለ ግርማ ተዋናይ ለአዘጋጁ ስሞታ አቀረበ፤ ዘበኛው ይነቃነቃል ብሎ። አዘጋጁ ጋሼን ጠርቶ እንዳይነቃነቁ አዘዛቸው። ጋሼም እሺ አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጭራሽ ድርቅ ብለው ቆሙ። ዓይናቸው ብቻ ወደ በሩ ሄዶ ይመለሳል። ባሰበት! ሕዝቡ እሳቸው የሚያዩትን በር አብሮ ያይ ጀመር። አዘጋጁም ሳቀና ተወው።

ዓመታት አለፉ። አገር ተለዋወጠ። እኔም ለንደን ገባሁ። እዚያ የሌሊት ጥበቃ ሆንኩ። አዎ፣ ዘበኛ። ጋሼ ቢያዩኝ ምን ይሉ ነበር እያልኩ ብቻዬን የሳቅሁባቸው ሌሊቶች አሉ። እግር እንዴት እንደሚያብጥም ያኔ ገባኝ።

እ.ኤ.አ. በ1999 ታኅሣሥ ላይ፣ የፈረንጆቹ ገና ሊደርስ ሲል፣ ጠረጴዛዬ ላይ የተጣለ ጋዜጣ ገለጥኩ። የኪው ፎቶ ነበር። በ85 ዓመቱ መኪና እየነዳ፣ በምሥራቅ ሰሴክስ መንገድ ላይ በደረሰ ግጭት መሞቱን ይናገራል። አድናቂዎቹ መጽሐፍ ሲያስፈርሙት ውሎ ወደ ቤቱ እየተመለሰ ነበር። ቀኑ ታኅሣሥ 19 ነው። የመጨረሻው የቦንድ ፊልሙ ገና ሲኒማ ቤት እየታየ ነበር። በዚያ ፊልም ላይ ተተኪውን ያስተዋውቅና ለቦንድ ሁለት ምክር ሰጥቶ በአሳንሰር ከወለሉ በታች ይሰወራል። ስንብት ይመስላል። በእውነት ግን ሥራውን ለመተው የቆረጠ ሰው አልነበረም።

ታሪኩን እዚያው ቁጭ ብዬ አነበብኩ። በኋላም ያገኘሁትን ሁሉ እየፈለግሁ አነበብኩ። በ1914 በደቡብ ዌልስ፣ ኒውፖርት ነው የተወለደው። ከሸለቆዎቹ የሚወጣው የድንጋይ ከሰል በመርከብ ከሚጫንባቸው ወደቦች አንዱ ነው። አባቱ የከሰል ማዕድን መሐንዲስ ነበር። ልጁ መጀመሪያ የቤተ ክርስቲያን አገልጋይ ለመሆን አስቦ ነበር። ቀረና ለንደን ሄዶ በንጉሣዊው የድራማ አካዳሚ ተማረ። ትንንሽ ሥራ ጀመረ፣ አገባ። ጦርነቱ መጣ።

የዌልስ ክፍለ ጦር መኮንን ሆኖ ፈረንሳይ ዘመተ። በ1940 ጀርመኖች ማረኩት። አምስት ዓመት ታሰረ። ልብ በሉ፤ በ25 ዓመቱ ተይዞ በ30 ዓመቱ ወጣ። አንድ ተዋናይ ስም የሚያወጣበትን ዕድሜ በሽቦ አጥር ውስጥ ጨረሰው። ይሄን ሳነብ ጋዜጣውን አስቀመጥኩት። ያ መኪና የሚያሳየው ሰውዬ! እናንተ በ24 ዓመታችሁ «ጊዜዬ አለፈ» ብላችሁ ስትጽፉልኝ የማልመልስላችሁ ለዚህ ነው። አትቀየሙኝ።

ከእስር ወጥቶ ከሥር ጀመረ። በ1950 በወጣ አንድ የጦርነት ፊልም ላይ የዌልስ ታንከኛ ሆነ። የገጸ ባሕርዩ ስም «77 ጆንስ» ነው። ዌልስ ውስጥ ጆንስ የሚባል ሰው ከመብዛቱ የተነሳ በጦሩ ውስጥ በቁጥር ነበር የሚለዩዋቸው። የፊልሙ ዳይሬክተር ቴረንስ ያንግ ነበር። 13 ዓመት አለፈ። ያው ያንግ ሁለተኛውን የቦንድ ፊልም «ፍሮም ራሽያ ዊዝ ላቭ»ን ሊሠራ ተነሳ። በመጀመሪያው ፊልም የመሣሪያ ባለሙያውን የተጫወተው ፒተር በርተን ጊዜ አልተመቸውም። ያንግ ታንከኛውን አስታወሰ። እንግዲህ እሱን የዓለም ሰው ያወቀው ሃምሳ ሊሞላው ሲቃረብ ነው፤ ያውም ሌላ ሰው ስላልተመቸው። ይሄን ዕድል በሉት። እኔ ግን ከ13 ዓመት በኋላ የሚታወስ ትንሽ ሚና ሠርቶ እንደነበር ነው የማየው።

ስለ ቅላጼው የሚነገረውን ደግሞ እወደዋለሁ። ያንግ «አንተ ዌልሳዊ ነህ፤ በዌልስ ቅላጼ ተጫወተው» ይለዋል። ለዌሊን አልተዋጠለትም። ለእሱ ሰውየው እንግሊዛዊ የመንግሥት ሠራተኛ ነው። ክርክሩ አላዋጣ ሲለው፣ እሺ ብሎ ያንን ቅላጼ እስከ ጥግ ወስዶ አሰማው። ያንግ ሰማና ተወው። ጋሼ ድርቅ ብለው እንደቆሙት ማለት ነው። ዳይሬክተር የማትስማሙበትን ነገር ሲያዛችሁ አንዳንዴ ከመከራከር ሙሉ በሙሉ መታዘዝ ይሻላል።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ። ለዌሊን ስለ «ጎልድፊንገር» ሲናገር አንብቤያለሁ። ዳይሬክተሩ ተቀይሮ ጋይ ሃሚልተን መጥቷል። በልምምድ ላይ ቦንድ ሲገባ ለዌሊን በአክብሮት ብድግ ይላል። ሃሚልተን አስቆመው። ይሄን ሰው አትወደውም፤ የሠራህለትን ሁሉ ያበላሻል፤ ለምን ትነሳለታለህ አለው። ከዚያች ቀን በኋላ ሚናውን አገኘው።

ጋሼ ይሄን ማን ነገራቸው? ማንም። እንግሊዝኛውን እንኳን በቅጡ አይሰሙም ነበር። ከወንበራቸው ሆነው ከሰውየው ትከሻ አነበቡት። እኔ ማረጋገጫውን ሳገኝ ጋሼ ካረፉ ቆይተዋል። የምነግራቸው ሰው አጣሁ። «ልክ ነበሩ» ማለት ፈልጌ ነበር፤ ሌላ ምንም አይደለም። እስር ቤቱን ብነግራቸውም ደስ ይለኝ ነበር። እሳቸውም ማይጨው ዘምተው የተመለሱ ሰው ናቸው፤ ስለሱ ግን አያወሩም።

ለዌሊን በ17 የቦንድ ፊልሞች ታየ። ከኮኔሪ እስከ ብሮስናን አምስት ቦንዶች ተፈራረቁበት። በ1973ቱ ፊልም ላይ ሲቀር ተመልካቹ «የት ሄደ?» አለ፤ በሚቀጥለው መለሱት። በየፊልሙ የሚታየው ለጥቂት ደቂቃ ነው። እነዚያ ደቂቃዎች ግን ዛሬም አሉ፤ ስልካችሁ ላይ ታገኟቸዋላችሁ። ጋሼ በአንድ ድራማ ላይ ተቀርጸው ነበር፤ ካሴቱ ላይ በኋላ ሌላ ነገር ተቀረጸበት። ያ በር ላይ የሚሄድ የሚመጣ ዓይን የትም የለም። እናንተ ምሳችሁን ሳትበሉ በፊት ትቀርጹታላችሁ። ይሄንን ስሳደብበት ኖሬ አሁን ተውኩት። ያኔ አንዳችሁ እዚያ በነበራችሁ።

ይሄን ሁሉ ብዬ ደግሞ ትንሽ ሚና ይበቃሻል አልልሽም። ለዌሊን ኪው ከሆነ በኋላ ሰው ሌላ ሚና ላይ ሊያስበው ተቸግሯል። ዝናው ሀብታም አላደረገውም። ጋሼ ደግሞ በጡረታ ዘመናቸው ለመድኃኒት ሲበደሩ አይቻለሁ። ስለዚህ «ሚናው ትንሽ ነው፣ ለልምድ ብለሽ ሥሪው» የሚልሽን አትስሚው። ልምድ ዳቦ ቤት አይወሰድም። በነጻ አትሥሪ። ጋሼ በነጻ ሠርተው ያውቃሉ፤ ያም ሆኖ አትሥሪ።

የፋርማሲዋን ሚና ግን ብትወስጂው ደስ ይለኛል። ከቀረጻው በፊት አንድ ፋርማሲ ሄደሽ ቁጭ በይ። የማይነበብ የሐኪም ጽሑፍ ሲመጣ ምን እንደሚሉ ስሚ። ብር የጎደለበትን ሰው እንዴት እንደሚያዩት እዪ። ለዌሊን በእውነተኛ ሕይወቱ ከመሣሪያ ጋር አይስማማም ነበር፤ የነካሁት ሁሉ ይበላሻል ይል ነበር። ስለዚህ ስለ መድኃኒት አለማወቅሽ አያሳስብሽ። የሚያሳስበው አክተሩ በሩን ሲከፍት አንቺ ምን ላይ እንደነበርሽ ነው። ሂሳብ አልገጠመልሽ ይሆናል። ሰዓትሽ ደርሶ ልትወጪ ይሆናል። እሱ በመሀል ነው የመጣብሽ።

ክፍያውን በጽሑፍ አስፈርሚ። ቀረጻው ቢራዘም በቀን ስንት እንደሚታሰብልሽ አስቀድመሽ ጠይቂ። ነጩ ጋውን ከሰፋሽም ይቀየርልኝ በይ። ለትንሽ ሚና ሁልጊዜ የሚሰጡት ከሌላ ሰው የተረፈውን ነው፤ ጋሼም ዕድሜ ልካቸውን በተረፈ ጫማ ነው ዘበኛ የሆኑት።