ተፈርዶልኛል፣ ብሩ ግን የለም

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ጤና ይስጥልኝ። ጅማ፣ ሄርማታ የምኖር አናጢ ነኝ። ለአንድ የእንግዳ ማረፊያ ባለቤት አልጋና ቁም ሳጥን ሠርቼ አስረከብኩ። ቀሪውን 92 ሺህ ብር ከለከለኝ። ከሰስኩት፤ ፍርድ ቤቱም «ይክፈል» ብሎ ፈረደልኝ። ይግባኝም አላለም። አሁን መርካቶ ሲያገኘኝ «ወረቀቱን ቀቅለህ ጠጣው» ይለኛል። መኪናውን በወንድሙ ስም ሊያዞር ነው እያሉኝ ነው። ይሄ ችሎት መድፈር አይደለም እንዴ? ለምን አይታሰርም?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ንዴትህ ገብቶኛል። ፍርድ ቤት በሬጅስትራርነት (በመዝገብ ቤት ኃላፊነት) ስሠራ መስኮቴ ላይ ብዙ ሰው ይህንኑ ጠይቆኛል። ግን ችሎት መድፈር ሌላ ነገር ነው። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 449 የሚቀጣው በችሎት ሂደት ላይ ዳኛን የሚሰድብን፣ የሚያስፈራራን ወይም ሥራውን የሚያውክን ነው። ቅጣቱም እስከ አንድ ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3 ሺህ ብር መቀጮ ነው። ያንተ ባለዕዳ የተሳደበው መርካቶ ላይ፣ ያውም አንተን ነው።

ድሮ ቢሆን ከባለዕዳህ ጋር በቁራኛ ታስራችሁ ትዞሩ ነበር። እኔን ብትጠይቀኝ ባለገንዘቡም እስረኛ የሚሆንበት ሥርዓት ቀርቶ ጥሩ ሆነ። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳንም የውል ግዴታውን መወጣት ስላልቻለ ብቻ ማንም አይታሰርም ይላል። «ስላልቻለ» ነው የሚለው። እያለው አልከፍልም ያለ ሰው ግን ሌላ ነው፤ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን እሱን ማሰር ይፈቅዳል። ቢሆንም እስር ቤት ገንዘብ አይወልድም፤ አንተ ንብረቱን ተከተል።

ፍርዱ በራሱ አይፈጸምም። ዳኛው ፈርዶ መዝገቡን ዘግቷል፤ የአፈጻጸም መዝገብ የምታስከፍተው አንተ ነህ። የውሳኔውን ግልባጭ አውጣና ለፈረደው ፍርድ ቤት የአፈጻጸም አቤቱታ አስገባ። የኦሮሚያ ፍርድ ቤቶች የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ስለሆነ፣ የማትጽፈው ከሆነ ፍርድ ቤቱ በር ላይ ካሉት ማመልከቻ ጸሐፊዎች ደህናውን ምረጥ። ሰው የሚሸወደው እዚህ ጋ ነው፤ አንዳንዱ ጸሐፊ «ይፈጸምልኝ» ብሎ ብቻ ይሰጥሃል። አይበቃም! ስንት ብር እንደቀረህ፣ ከምን ንብረት እንደሚፈጸምልህ ይዘርዝርልህ። የመኪናውን ሰሌዳ ቁጥር፣ ቤቱ ያለበትን ቀበሌ፣ የሚጠቀምበትን ባንክ ጻፍ። ሰሌዳውን ዛሬውኑ ቅዳ። እዚያው አቤቱታ ላይ ለትራንስፖርት ቢሮ የእግድ ደብዳቤ እንዲጻፍልህ ጠይቅ። መኪናው ስም ሳይዞር ካልታገደ፣ ዞረ ከተባለ በኋላ ያለው ክርክር ሌላ ሁለተኛ ክስ ነው።

ከዚያ ባለዕዳው ይጠራል። ካልቀረበ ፖሊስ ይዞ እንዲያቀርበው ሊታዘዝ ይችላል። ሀብቱ የት እንዳለ በመሐላ ሊጠየቅም ይችላል፤ እኔ ባየሁት፣ መርካቶ ላይ የሚፎክረው ሁሉ እዚያ ሲደርስ ድምፁ ይቀንሳል። አሁንም ካልከፈለ ንብረቱ በፍርድ ቤት ትዕዛዝ ተይዞ በሐራጅ ይሸጣል። የሚለብሰው ልብስና የሚተኛበት አልጋ ግን አይነካም።

የአፈጻጸም አቤቱታ የ10 ዓመት ይርጋ (የጊዜ ገደብ) አለው። በዚህ ተማምነህ አትተኛ፤ ለመኪናው አንድ ሳምንትም ብዙ ነው።

መጥሪያው ሲደርሰው ሽማግሌ ይልክብህ ይሆናል። ከመጣ እሺ በል፤ በየወሩ ልክፈል ካለም ክፉ አይደለም። ስምምነቱን ግን በጽሑፍ አድርጋችሁ የአፈጻጸም መዝገቡ ላይ አስያይዙት። እግዱንም የመጨረሻዋ ብር እጅህ ሳትገባ እንዳታስነሳለት።