«በካሜራህ ቀርጬሃለሁ» ስለሚለው ኢሜይል፦ ጥያቄና መልስ

ሰሞኑን ከየወረዳው አንድ ዓይነት ኢሜይል እየላካችሁልኝ «ይሄ ነገር እውነት ነው?» ትሉኛላችሁ። ላላያችሁት ጭብጡ ይኸው፦ «ኮምፒውተርህ ውስጥ ከገባሁ ወራት አልፎኛል። ፓስወርድህም ይኸውልህ። የብልግና ፊልም ስታይ በገዛ ካሜራህ ቀርጬሃለሁ። በ48 ሰዓት ውስጥ 1,400 ዶላር በቢትኮይን ካላስገባህ ለምታውቀው ሰው ሁሉ እበትነዋለሁ።» ዋጋው ከፍ ዝቅ ይላል፣ ዛቻው ያው ነው። (ቢትኮይን ማለት ኢንተርኔት ላይ ብቻ ያለ ዲጂታል ገንዘብ ነው።) እንጀራዬ ኮምፒውተርና ኔትወርክ ስለሆነ የምችለውን ልመልስ። ስም አያስፈልግም፣ ከየት እንደሆናችሁ ይበቃል።

ከደብረ ብርሃን፦ ውሸት ነው ትላለህ፣ ግን የጻፈው ፓስወርድ እውነትም የኔ ነው። ከየት አመጣው?

ከኮምፒውተርህ አይደለም። ድሮ ከተመዘገብክበት ድረ ገጽ ነው። ሊንክድኢን በፈረንጆቹ 2012 ተዘርፎ በ2016 ከ100 ሚሊዮን በላይ ኢሜይልና ፓስወርድ ለሽያጭ ወጣ። አዶቤ በ2013 ተዘረፈ። ያሁ ደግሞ በዚያው ዓመት የ3 ቢሊዮን አካውንት መረጃ ነው የተወሰደበት። እንዲህ ያለው ዝርዝር ከሌባ ሌባ ሲሸጥ ሲለወጥ ይኖራል። የገዛው ሰው ፕሮግራም ላይ ይጭነዋል፣ ፕሮግራሙ በየአድራሻው ፓስወርዱን እየሰካ ደብዳቤውን ይበትናል፣ አንተን ማንም ቁጭ ብሎ አላየህም። በዚህ መልኩ በገፍ መላክ የጀመረው በፈረንጆቹ 2018 ክረምት ነው።

አንድ ነገር ልጠይቅህ። ያ ፓስወርድ የዛሬው ነው ወይስ የድሮው? ብዙ ጊዜ የድሮው ነው። ደግሞስ ሰውዬው እውነት ቪዲዮ ቢኖረው አንድ ፎቶ ቆርጦ አይልክልህም ነበር? ከዚያ በላይ ምን የሚያስደነግጥ ነገር አለ? ያልላከው ስለሌለው ነው።

የትኛው ድረ ገጽ እንዳስወሰደብህ ማወቅ ከፈለግክ «ሃቭ አይ ቢን ፖንድ» የሚባል ነፃ ድረ ገጽ አለ። ትሮይ ሃንት የሚባል አውስትራሊያዊ በፈረንጆቹ 2013 የሠራው ነው። ኢሜይልህን ብቻ ታስገባለህ፣ የት የት እንደሾለከ ይነግርሃል።

ከሸዋ ሮቢት፦ የኔ ይባስ! ላኪው እኔው ራሴ ነኝ። ከራሴ አድራሻ ለራሴ ነው የመጣው።

ፖስታ ጀርባ ላይ የላኪን ስም ማንም የፈለገውን መጻፍ ይችላል አይደል? ኢሜይልም ከጥንቱ እንደዚያው ነው የተሠራው። ማጣሪያው ኋላ የተጨመረ ነው፣ ሁሉም ጋ ደግሞ በደንብ አይሠራም። «የተላኩ» የሚለውን ሳጥን ክፈተው። ደብዳቤው እዚያ ከሌለ ብዙ ጊዜ ካንተ አካውንት አልወጣም ማለት ነው። ልብህ ካላረፈ ጂሜይል ውስጥ የደህንነት ገጹ ላይ የገቡ ስልኮችና ኮምፒውተሮች ዝርዝር አለ፣ የማታውቀው ካለ አስወጣውና ፓስወርድ ቀይር።

ከመሐል ሜዳ፦ እኔን «ፔጋሰስ ጭኜብሃለሁ» ይለኛል። ጉግል ሳደርገው እውነተኛ የስለላ ፕሮግራም ሆኖ አገኘሁት። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ የለም።

ፕሮግራሙስ እውነት ነው። ኤንኤስኦ የሚባል የእስራኤል ኩባንያ ለመንግሥታት የሚሸጠው ነው፣ ጋዜጠኞችና ፖለቲከኞች ላይ ሲውል ተይዟል። ግን አስበው እስቲ። በዚያ ዋጋ የተገዛ መሣሪያ ይዞ መንዝ ድረስ ያንተን ስልክ ፍለጋ የሚመጣ ሰው አንድ ሺህ ዶላር ስጠኝ ብሎ ይለምናል? ስሙን የጠራው ጉግል እንድታደርገውና እንድትደነግጥ ነው። ተሳክቶለታል። አሁን ተኛ።

ከእነዋሪ፦ ኢሜይሉን ከፍቼዋለሁ። «እንዳነበብሽው አውቃለሁ፣ ሰዓቱ ቆጠራ ጀምሯል» ይላል። ቀኑ ሳያልቅ ምን ላድርግ?

እህቴ፣ ቀኑ ይለቅ። ለሁሉም ሰው የሚላከው ያው 48 ሰዓት ነው። ኢሜይል ውስጥ በዓይን የማትታይ ትንሽ ምስል ደብቆ መከፈቱን ማወቅ እንደሚቻል እውነት ነው፣ አስተዋዋቂዎችም የሚያደርጉት ነው። ቢሆንም መክፈትሽን ማወቅና ካሜራሽን መክፈት የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ። ጽሑፉን ማንበብሽ አይጎዳሽም። የሚያሰጋው የተያያዘውን ፋይል ወይም ሊንኩን ነክተሽ ከሆነ ነው። ከነካሽ ኢንተርኔቱን አጥፊና ኮምፒውተሩን በአንቲቫይረስ አስፈትሺ፣ ፓስወርድሽንም ከሌላ ስልክ ላይ ሆነሽ ቀይሪ።

ከደብረ ሲና፦ ሁለት መቶ ዶላር ነው የጠየቀኝ። ከፍዬ ብገላገልስ?

አትገላገልም። አንደኛ፣ ብዙ ጊዜ ያንኑ የቢትኮይን አድራሻ ለብዙ ሰው ስለሚልከው ማን እንደከፈለ እንኳ አይለይም። የሌለውን ቪዲዮ ምኑን ያጠፋልሃል? ሁለተኛ፣ አንዴ የላክኸው ቢትኮይን አይመለስም፣ ሄደህ የምታሳግድበት ባንክ የለም። ከፋይ መሆንህን ካወቀ ደግሞ ተመልሶ ይመጣል።

ሦስተኛው የኛ ጉዳይ ነው። ብሔራዊ ባንክ በ2014 ዓ.ም. በክሪፕቶ (በቢትኮይንና በመሰል ዲጂታል ገንዘብ) መገበያየት ሕጋዊ እንዳልሆነ አስጠንቅቋል። ስለዚህ ቢትኮይኑን ፍለጋ ቴሌግራም ላይ ከማታውቀው ሰው ጋር ነው የምትደራደረው። ብርህን በቴሌብር ተቀብሎ ይሰወራል። ለአንድ ሌባ ለመክፈል ሌላ ሌባ ጋ ሄድክ ማለት ነው።

ከአንኮበር፦ ልክ ልኩን ብነግረውስ?

ተው። መልስ ከሰጠኸው አድራሻው ሰው እንዳለበት ያውቃል። ስፓም በለውና እለፍ።

ከዓለም ከተማ፦ ልጄ፣ እኔ ይህን ኢሜይል የልጄ ስልክ ላይ ነው ያየሁት። ልጁ ምን ሲያይ ከርሞ ነው ብዬ ልገስጸው ብዬ ነበር።

አባቴ፣ እባክዎ አይገስጹት። ደብዳቤው ምንም ላላየም ይላካል። ለመነኩሴም ይደርሳል፣ ካሜራ ለሌለው ኮምፒውተርም ይደርሳል። ለሚሊዮኖች ሲበተን ከመሃል ጥቂቱ የሚያፍርበት ነገር አይጠፋምና እነሱ ይከፍላሉ፣ ሥራው ያ ነው። ይልቅ «አይቼዋለሁ፣ ውሸት መሆኑንም አውቄአለሁ» ይበሉት። ምናልባት ልጁ ለብቻው ሲጨነቅ ሰንብቶ ይሆናል።

ደብረ ብርሃን፣ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ፦ የኔ ከዚህ ይለያል። ቴሌግራም ላይ ከተዋወቅኳት ልጅ ጋር ቪዲዮ ኮል አድርገናል። አሁን ቅጂውን ልካልኛለች፣ የፌስቡክ ጓደኞቼንም ዝርዝር አብራ።

አዎ፣ ይሄ ሌላ ነው። እዚህ ላይ ዝም በል አልልህም። መጀመሪያ ግን ተረጋጋ። ይህ የደረሰብህ የመጀመሪያው ሰው አይደለህም፣ «ልጅቷ»ም ብዙ ጊዜ ልጅ አይደለችም፣ በሥራ የተደራጁ ወንዶች ናቸው።

አትክፈል። የከፈለ ሰው ዋጋው ይጨመርበታል እንጂ አይቀነስለትም። ቻቱን አታጥፋ። ዛቻውን፣ የተጠቃሚ ስሟን፣ ገንዘብ የተጠየቀበትን ቁጥር ወይም የክሪፕቶ አድራሻ ስክሪንሾት አንሳ። ከዚያ ሪፖርት አድርግና ብሎክ አድርግ። የፌስቡክ ጓደኞችህን ዝርዝር ላንተ ብቻ እንዲታይ አድርገህ ዝጋው። ዕድሜህ ከ18 በላይ ከሆነ «ስቶፕ ኤንሲአይአይ» የሚባል ነፃ አገልግሎት አለ። ቪዲዮው ከስልክህ ሳይወጣ የጣት አሻራ የመሰለ ቁጥር ያወጣለታል፣ እነ ፌስቡክና ኢንስታግራም በዚያ ቁጥር ለይተው ያግዱታል። ከ18 በታች ለሆኑ «ቴክ ኢት ዳውን» የሚባል አለ።

ፖሊስ ጋ ሂድ። የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 እንዲህ ያለውን ማስፈራራት በእስራት ያስቀጣል። ጣቢያው ላይ ያለው ሰው ፊቱን ቢያኮማትርብህም አዋጁን በቁጥሩ ጥራለት። እና ዛሬውኑ ለአንድ ለምታምነው ሰው ንገር፣ ለወንድምም ለዶርም ጓደኛም ይሁን። ማታ ለብቻህ ይዘኸው አትደር። ከከበደህ በውስጥ ጻፍልኝ።

ከአረርቲ፦ ለመሥሪያ ቤታችን «ሕንጻው ውስጥ ፈንጂ አለ» የሚል መጣ፣ እሱም ቢትኮይን ይጠይቃል። ሌላ ቀን ደግሞ «ፋይላችሁን ቆልፈናል» አለን።

በታኅሣሥ 2018 በፈረንጆቹ አሜሪካና ካናዳ ውስጥ ብዙ ቦታ ይህ ኢሜይል ደርሶ ነበር፣ 20,000 ዶላር ካልከፈላችሁ እያለ። ፈንጂ አልተገኘም። ይሁንና ይህን ለፖሊስ ሳትነግሩ «የኢንተርኔት ቀልድ ነው» ብላችሁ አትለፉት፣ የሰው ሕይወት ነው።

ፋይሉን በተመለከተ ክፈቱትና እዩ። ከተከፈተ ዋሽቷል። እውነት ከተቆለፈ ግን እንደ ዋናክራይ ያለ፣ ፋይል ቆልፎ ገንዘብ የሚጠይቅ ቫይረስ ሊሆን ይችላል። እሱ በፈረንጆቹ ግንቦት 2017 ዓለምን ሲያዳርስ 300 ዶላር በቢትኮይን ነበር የሚጠይቀው። ኮምፒውተሩን ከኔትወርክ ንቀሉት፣ ከዚያ «ኖ ሞር ራንሰም» የሚባለው ድረ ገጽ ላይ መክፈቻ ቁልፍ እንዳለው ፈልጉ። ለአንዳንዱ ዓይነት አለ፣ በነፃ። ባክአፕ (ሌላ ቦታ የተቀመጠ የፋይሎቹ ቅጂ) ያለው ቢሮ ግን ይህን ሁሉ አይለፋም።

ሸዋ ሮቢት፣ ደግሞ እኔው ነኝ፦ እሺ፣ ዛሬ ማታ ምን ልሥራ?

የኢሜይልህን ፓስወርድ ቀይር፣ ከሁሉ በፊት እሱን፣ ምክንያቱም የሌላው ሁሉ ፓስወርድ የሚታደሰው በእሱ ነው። ያንን የድሮ ፓስወርድ ሌላ ቦታም ተጠቅመህበት ከሆነ እዚያም ቀይር። ሁለት ደረጃ ማረጋገጫ (ከፓስወርዱ ሌላ ተጨማሪ ማረጋገጫ፣ ለምሳሌ ስልክህ ላይ የሚመጣ ኮድ፣ የሚጠይቀውን) አብራ። ካሜራው ላይ ፕላስተር መለጠፍ ካሰኘህ ለጥፍ፣ ጉዳት የለውም።

ከደነባ፦ እኔ አምና ከፍዬ ነበር። አሁን አንዱ ቴሌግራም ላይ «አሥር በመቶ ቅድሚያ ክፈልና ቢትኮይንህን አስመልስልሃለሁ» አለኝ።

እሱ ደግሞ የተበላ ሰው እያሳደደ የሚበላ ነው። የከፋዮችን ዝርዝር እርስ በርሳቸው ስለሚሸጣጡ ላንተ መድረሱ አያስገርምም። አንድ ብር አትላክለት፣ ብሎክ።