የዘበኛው ድንጋይ

ህንፃ የምትነድፉ ልጆች፣

ልደታ ህንፃ ኮሌጅ ገብቼ የመጀመሪያውን መስመር ካሰመርኩ አርባ ዓመት አልፎኛል። ያኔ ፕላን የሚሳለው በእጅ ነው። ቀለም ከፈሰሰ በምላጭ እንፍቃለን። ሲፋቅ ሲፋቅ ወረቀቱ ከተቀደደ እንደገና ከሀ መጀመር ነው። እናንተ ዛሬ በአንድ ሌሊት የምታወጡትን እኛ በወር አናወጣውም ነበር። ስለዚህ ስለ ኮምፒውተር የምመክራችሁ ነገር የለኝም። የምጽፍላችሁ ስለ አንድ ድንጋይ ነው።

ገና ወጣት ሳለሁ ባለ አራት ፎቅ የቢሮ ህንፃ ነደፍኩ። የማን እንደሆነ ይቅር። ኩራቴ መግቢያው ነበር። ሰፊ ደረጃ፣ ከደረጃው በላይ በእብነ በረድ የተነጠፈ ሜዳ። ንጹሕ ነው፤ አንድም የሚያደናቅፍ ነገር የለበትም። ፎቶ ላይ ልብ ይሰርቃል። የምርቃቱ ቀን ተጨበጨበልኝ፤ እኔም አመንኩ።

ከስድስት ወር በኋላ በዚያ ሳልፍ ጉዳይ ሊያስፈጽም የመጣው ሰው ሁሉ መንገድ ማዶ ተኮልኩሎ አየሁት። ማዶ አንዲት ሱቅ አለች። ቆርቆሮዋ ወደ ውጭ አንድ ሜትር ያህል ወጣ ብሏል። ከሥሩ የለስላሳ ሣጥኖች ተደርድረዋል። ሰዉ ሣጥን ላይ ተቀምጦ ወሬውን ይሰልቃል፤ ተራው ሲደርስ መንገዱን ሮጦ ይሻገራል። የእኔ እብነ በረድ ላይ ማንም የለም። ቀን እንደ ምጣድ ይግላል፣ ሲዘንብ ደግሞ ያንሸራትታል።

በሩ ላይ አንድ አዛውንት ዘበኛ ነበሩ። ከግንባታ የተረፈ ጥርብ ድንጋይ አምጥተው ከግድግዳው አስጠግተው አስቀምጠዋል። የጠዋት ፀሐይ የምታርፍበት፣ የበሩ ክዳን ደግሞ ከዝናብ የሚከልለው አንዲት ጥግ ናት። እኔ ህንፃውን ስነድፍ ያቺን ጥግ አላየኋትም። እሳቸው በአንድ ሳምንት አገኟት። ንድፉን የሠራሁት እኔ መሆኔን ስነግራቸው ከላይ እስከ ታች አዩኝና «ህንፃውስ ያምራል ልጄ» አሉኝ። «ግን ሰው የት ይሁን ብለህ ነው?»

መልስ አልነበረኝም።

ያን ቀን አንድ የቋንቋ ነገር ገባኝ። እኛ ስለ ቤት ስናወራ ሁለት ቃል አለን። «ያምራል» እንላለን፣ «ደስ ይላል» ደግሞ እንላለን። አንድ አይደሉም። «ያምራል» የሚለው ከመንገድ ሆኖ ቀና ብሎ የሚያይ ሰው ነው። «ደስ ይላል» የሚለው ገብቶ የተቀመጠ፣ ጀርባውን ያስደገፈ፣ ቡና የቀረበለት ነው። ትምህርት ቤት «ያምራል» እስኪባልልን ተምረናል። «ደስ ይላል» የሚለውን ግን እያንዳንዳችን በየመንገዱ ለቅመን ነው የምናገኘው። እስቲ እኔ የለቀምኩትን ልንገራችሁ።

በብዛት የለቀምኩት ሐረር ነው። የጥንቱ የሐረር ገዥ አሚር ኑር ባሠሩት ግንብ የተከበበችው አሮጌዋ ከተማ ጁገል በ1998 ዓ.ም በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዘገበች። ለሥራ ሄጄ ሳምንት ቆየሁ። ያን ሳምንት ኮሌጅ ከቆየሁበት ጊዜ ጋር ባላወዳድር ይሻላል፤ መምህሮቼ ይቀየሙኛል።

ከሰፊው አደባባይ ትነሡና መኪና ግርግር ትገባላችሁ። ስሙ የመጣው ከልብስ ስፌት መኪናው ድምፅ ነው። ልብስ ሰፊዎች መንገዱን ተከትለው ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠዋል። ጨርቁ ቀለም በቀለም ተንጠልጥሏል። እግራችሁ ሳያስበው ከመኪናው ምት ጋር ይራመዳል። ከዚያ ታጠፉ። መንገዱ ይጠብባል፣ ድምፁ ይጠፋል። ግራና ቀኝ ኖራ የተቀባ ነጭ ወይም አረንጓዴ ግንብ ብቻ ነው። ከመንገዶቹ አንዱ በጣም ከመጥበቡ የተነሣ የተጣሉ ሁለት ሰዎች ከተገናኙበት ሳይታረቁ አይተላለፉም ይባላል። እውነት ይሁን አይሁን፣ መንገዱን ግን አልፌበታለሁ። ከፊት የመጣችውን ሴትዮ ለማሳለፍ ከግድግዳ ተለጥፌ፣ እሷም እየሳቀች አለፈች። ሠላሳ ሜትር ስፋት ባለው ጎዳና ላይ ከማላውቀው ሰው ጋር ስቄ አላውቅም።

ከግንቡ አንዲት በር ትከፈታለች። ግቢ። ፀሐይ። ከግቢው ደግሞ ወደ ቤት። እዚህ ጋ ቀስ በሉ። የሐረሪ ቤት ሳሎን ወለሉ አንድ አይደለም። ነደባ የሚሉት አለ፤ ከፍታቸው የተለያየ አምስት የመቀመጫ እርከኖች ናቸው፣ በቀይ አፈር ቀለም የተቀቡ፣ ምንጣፍና መከዳ የተነጠፈባቸው። እያንዳንዱ ስም አለው፣ እያንዳንዱ ባለቤት አለው። አሚር ነደባ ላይ የሚቀመጠው የቤቱ አባወራ በሩን ፊት ለፊት ያያል። ከበሩ አጠገብ ያለው ነደባ ሌላ ነው፣ ትልቁ ሌላ፣ ትንሹ ሌላ። ቀይ ቀለሙ በ1879 ዓ.ም በጨለንቆ ጦርነት ለወደቁት መታሰቢያ ነው ይላሉ። ግድግዳው ላይ ሰፌድና ሙዳይ ተሰቅሏል፤ ሸክላና መጻሕፍት የሚቀመጡባቸው የግድግዳ ጓዳዎችም አሉ።

ልብ ያልኩት ይህ ነው። ክፍሏ ትንሽ ናት። ሶፋ የለም፣ ጠረጴዛ የለም። ግን አሥር ሰው ገብቶ ማንም «የት ልቀመጥ?» አላለም። ቤቱ ራሱ ነገራቸው። ከፍ ያለው ላይ ሽማግሌው፣ ዝቅ ያለው ላይ ልጆቹ፣ ዓይን ለዓይን እየተያዩ። የወለሉ ከፍታ በአንድ ክንድ ሲለያይ፣ ግድግዳ ሳይኖር ክፍል ይፈጠራል። ያን ማታ ዘበኛውን አስታወስኳቸው። «ሰው የት ይሁን?» የሚለውን ጥያቄ ሐረሮች ከእኔ መወለድ በፊት መልሰውት ጨርሰዋል።

ከሐረር ወደ ላሊበላ ዝላዩ ትልቅ ነው፤ ግን አንድ ነገር ብቻ ልበል። ቤተ ጊዮርጊስን ሁላችሁም ከላይ የተነሣውን ፎቶ ታውቃላችሁ። መስቀሉን። ቦታው ላይ ስትደርሱ ደስታው ያለው ፎቶው ላይ አይደለም። መጀመሪያ ጣራውን በእግራችሁ ልክ ታዩታላችሁ። ከዚያ ቤተ ክርስቲያኑ ከዓይን ይሰወርና በተፈለፈለው ቦይ ትወርዳላችሁ። አለቱ ይቀዘቅዛል፣ ሰማዩ ይጠብባል። ትታጠፉና፣ አሁን ከሥሩ ቆማችኋል። አሥራ ሁለት ሜትር ገደማ ሽቅብ። ያው ህንፃ ነው፤ ግን ሁለት ጊዜ አገኛችሁት። እናንተ ደግሞ ሁሉን ነገር ከመግቢያው በር ላይ ዘርግፋችሁ አትጨርሱት።

አሁን ወደ አዲስ አበባና ወደ ፀሐይዋ። ከተማችን ከምድር ወገብ በስተሰሜን 9 ዲግሪ ላይ ናት፤ ከፍታዋ 2,400 ሜትር ገደማ። ከእነዚህ ሁለት ቁጥሮች የሚወጣውን ሰውነታችሁ ያውቀዋል። ፀሐይ ላይ ያቃጥላል፣ ጥላ ውስጥ ይበርዳል፣ ልዩነቱ አንድ እርምጃ ነው። ለዚህ ነው የአዲስ አበባ ሰው በረንዳ የሚወደው። ሲበርደው አንድ እርምጃ ወደ ውጭ፣ ሲሞቀው አንድ እርምጃ ወደ ውስጥ። በሰኔ የቀትር ፀሐይ ከአናታችን ወደ ሰሜን አለፍ ትላለች፤ በታኅሣሥ ወደ ደቡብ ከ30 ዲግሪ በላይ ታዘነብላለች። ስለዚህ ወደ ደቡብ የዞረ በረንዳ በኅዳርና በታኅሣሥ ብርድ ጠዋት ጠዋት ይሞቃል። ክፍያ የለውም፣ ቆጣሪ የለውም። እኛ ግን ምን አደረግን? ህንፃውን ከላይ እስከ ታች መስታወት አለበስነው። በምዕራብ በኩል ያሉት ሠራተኞች ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ መጋረጃ ይዘጋሉ፣ ከዘጉ በኋላ ይጨልማቸውና መብራት ያበራሉ። ይህን ስል እኔም አንድ ሁለት የመስታወት ህንፃ አለብኝ። አትጠይቁኝ።

መስታወት ጠላሁ ማለቴ አይደለም። አፍሪካ አዳራሽ ግቡና የአፈወርቅ ተክሌን ሥራ ተመልከቱ። አዳራሹን የነደፈው ጣሊያናዊው አርቱሮ መዜዲሚ ነው፣ የተመረቀው በ1953 ዓ.ም። የአፈወርቅ ሥራ 150 ካሬ ሜትር ባለ ቀለም መስታወት ነው። ብርሃኑ ቀለም ይዞ ሲገባ ሰው ድምፁን ዝቅ ያደርጋል። ማንም ዝም በሉ አላለውም። ብርሃን እንዲህ ሲገባ ሌላ ነገር ነው።

ደግሞ የድምፅን ነገር አትርሱ። ቆርቆሮ ላይ የሚወርድ የሐምሌ ዝናብ እየሰማ፣ ብርድ ልብስ ውስጥ ያልተኛ አለ? ይህን ደስታ ማንም ንድፍ ላይ አላሰመረውም። እኛ ግን በኮርኒስና በኮንክሪት ቀስ በቀስ አጠፋነው። ጣራችሁን ሁሉ ቆርቆሮ አድርጉ አልልም። አንዲት በረንዳ ግን የቆርቆሮ ጣራ ይኑራት።

ኮንዶሚኒየም የምትኖሩ ልጆች ይህን በደንብ ታውቁታላችሁ። በ1990ዎቹ መጨረሻ ግንባታው ሲጀመር ያሰቡት ሰዎች ሞኞች አልነበሩም። እንጀራ የሚጋገርበት፣ በግ የሚታረድበት፣ ልብስ የሚታጠብበት የጋራ ህንፃ አብረው ነደፉ። ይህ የእኛን ኑሮ አይቶ የተሠራ ነው። ኋላ ግን በየሰፈሩ ስንቱ ለሌላ ነገር ሲከራይ አየሁ። ሰዉም ኑሮውን ወደ ኮሪደሩ አወጣው። ከሰሉ እዚያ ይያያዛል፣ ቡናው እዚያ ይቆላል፣ ልጆቹ እዚያው ይሯሯጣሉ። ኮሪደሩ ሁለት ሰው እንዲተላለፍበት ብቻ የተለካ ስለሆነ ጎረቤት ከጎረቤት ይጋጫል። ሃምሳ ሴንቲ ሜትር ቢጨመርበት ኖሮ ስንት ጠብ ይቀር ነበር! የቤት ባለቤቱ «ወጪ ነው» ይላችኋል። አዎ፣ ወጪ ነው። ለደንበኛ ስለ ውበት አትስበኩ። «ዝናብ ሲመጣ የሚጠለል ሰው ሱቅህ ደጃፍ ላይ ይቆማል፣ የቆመ ሰው ይገዛል» በሉት። እኔ በዚህ አንድ ዓረፍተ ነገር ስንት የጣራ ክዳን አስጨምሬአለሁ።

መስቀል አደባባይን ሂዱና እዩ፣ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ። እርከኖቹ ለሰልፍ ነው የተሠሩት። ሯጮች ግን ከዳር ዳር እየሄዱ እየተመለሱ፣ አንድ እርከን ወጣ እያሉ፣ ከተማውን መለማመጃ አደረጉት። በ2013 ዓ.ም ታድሶ ከሥሩ የመኪና ማቆሚያ ሲሠራለት ሩጫው አልቀረም። ጥሩ ቦታ እንዲህ ነው፣ ያላሰባችሁትን ሥራ ይቀበላል።

ሰሞኑን ደግሞ የእግረኛ መንገዱ ሰፍቷል፣ አግዳሚ ወንበርም መጥቷል። ማታ ማታ ቤተሰብ ልጆቹን ይዞ ሲንሸራሸር ሳይ ደስ ይለኛል፤ አርባ ዓመት የጠበቅኩት ነገር ነው። በዚያው ልክ ደግሞ በ2016 ዓ.ም ፒያሳ ሲፈርስ፣ እነዚያ የእንጨት ሰገነት ያላቸው አሮጌ ቤቶች ሲሄዱ፣ ሁለት ቀን ምግብ አልበላልህ አለኝ። ሁለቱም ስሜት በአንድ ሰው ውስጥ ይኖራል። የሰገነቶቹን ልኬት የያዝኩበት ደብተር ግን አለ፣ ለሚፈልግ እሰጣለሁ።

የምጠይቃችሁ አንድ ነገር ነው። ሜትር ግዙ፣ ትንሿን፣ ኪስ የምትገባዋን። ደስ ያላችሁ ቦታ ሁሉ ስትቀመጡ አውጡና ለኩ። የቡና ቤቱን ደፍ፣ የቤተ ክርስቲያኑን የግቢ ግንብ፣ የአያታችሁን መደብ። ሰው ሳይታዘዝ የሚቀመጥበት ነገር አብዛኛውን ጊዜ ከ40 እስከ 45 ሴንቲ ሜትር ከፍታ አለው፤ ከጀርባው የሚደገፉት ነገር፣ ከፊቱ የሚያዩት ሰው አለ። ይህን መጽሐፍም ይነግራችኋል። የለካ እጅ ግን አይረሳም። ሰው ሲያየን እናፍራለን ብላችሁ አትተዉት። እኔን ስንቴ መሬት ሊሸጥ የመጣ ደላላ መስያቸው ዋጋ ጠይቀውኛል።

ባለፈው ዓመት በዚያ በመጀመሪያ ህንፃዬ በኩል አለፍኩ። ፊቱን አሉኮቦንድ የሚሉትን የአሉሚኒየም ልባስ አልብሰውታል፤ እኔ ራሴ ለማወቅ ተቸገርኩ። ማዶ ያለችው ሱቅ የለችም። ሽማግሌው ዘበኛም ዛሬ በሕይወት ያሉ አይመስለኝም። በሩ ጥግ ላይ አንድ ወጣት ዘበኛ ጠዋት ፀሐይ እየሞቀ ስልኩን ያያል። የተቀመጠው ድንጋዩ ላይ ነው። ያው ድንጋይ፣ መሐሉ በመቀመጥ ብዛት ለስልሶ እንደ ሳህን ጎድጎድ ብሏል።

«አንዴ ተነሥልኝ ልጄ» አልኩት፣ ሜትሬን እያወጣሁ።

«ምን ሊያደርጉበት ነው አባባ?» አለ እየተጠራጠረ።

ለካሁት። 43 ሴንቲ ሜትር።